የሽፍኗ ሻሽ

ልጅቷ መስታወቱ ፊት ተቀምጣ ሻሿን አገጯ ሥር በሁለት እጇ ጨምድዳ ይዛለች። ጸጉር ሠሪዋ ማበጠሪያዋን እንደያዘች ከኋላዋ ቆማ ትጠብቃለች። በሩ ተቀርቅሯል፣ መጋረጃው ተስቧል፤ ቤቱ ውስጥ ከሦስት ሴቶች በቀር ማንም የለም።

«እስቲ አንቺ ንገሪያት፣ አንቺን ትሰማለች» ትላለች እናትየዋ፣ ጸጉሯን በቢጎዲን ተጠቅልላ አግዳሚው ላይ እንደተቀመጠች። የእሷ ሻሽ ገና ስትገባ ከበሩ ጀርባ መስቀያው ላይ ተሰቅሏል። «ነገ እህቷ ትዳራለች። ሴቱ ሁሉ ለብቻው ክፍል ይዞ ሲሽሞነሞን ይቺ እንዲህ ተጀቡና ልትቀመጥ ነው። እቤትም አታወልቅም እኮ! እኔ ፊት እንኳን! ስትተኛም ከነሻሿ ነው።»

«ምነው የኔ ልጅ፣ ቅማል ገባብሽ እንዴ?» ትላለች ጸጉር ሠሪዋ፣ ነገሩን ቀለል ለማድረግ።

ልጅቷ አትስቅም። «እንደ እርስዎ መሆን ስለፈለግኩ ነው፣ እትዬ።»

«ይኸው፣ የኔው ጥፋት ነው» ትላለች እናትየዋ። ድምጿ ውስጥ ንዴትም ኩራትም አለ። «ስላንቺ እያወራሁላት አይደል ያሳደግኳት? ሐያእ፣ ጨዋነት ማለት እሷ ናት፣ ሴት ፊት እንኳን አትገለጥም፣ ጸጉሯን ያየ ሰው የለም እያልኩ።»

እውነት ነው፣ ያየ የለም። ሰፈሩ ይህን ቤት «ሽፍኗ ጋ» ነው የሚለው። የሰው ጸጉር ስትሠራ የምትውል ሴት የራሷን አለማሳየቷ መጀመሪያ መሳቂያ ነበር፤ እያደር መከበሪያ ሆነላት። አንድ ቀን አንዷ ደንበኛ «እኛ ብቻ ነን፣ ሙቀቱ አይገድልሽም?» ብላ ጠየቀቻት። መልስ ስታፈላልግ ሌላዋ ቀድማ «አጥባቂ ናት እኮ» አለችላት። ዝም አለች። ከዚያ ወዲህ ማንም ጠይቋት አያውቅም።

ሻሹ ሥር ያለውን ከቤቷ ሰው በቀር የሚያውቅ የለም። ሁለተኛ ልጇን ከወለደች ጀምሮ ጸጉሯ ይረግፋል። አናቷ ላይ መዳፍ የሚያህል መላጣ አለ፤ ዙሪያውን የቀረውም ስስ ነው። መንገድ ላይ የምትለብሰው ሻሽ ለአላህ ነው፤ ትወደዋለች፣ ያለሱ ራሷን አታውቀውም። እዚህ ውስጥ የማታወልቀው ግን አፍራ ነው። ጨርቁ አንድ ስለሆነ ሁለቱን የሚለይ ሰው አልተገኘም፤ እሷም ራሷ መለየት ትታ ነበር።

ማበጠሪያውን አስቀምጣ ልጅቷ አጠገብ በርከክ ትላለች። «ስሚኝ፣ እዚህ መግለጥ ይቻላል። እናትሽ ፊት ይቻላል። ማን ከለከለሽ?»

«መቻሉንማ አውቃለሁ። እርስዎም ይችሉ ነበር፤ ግን አያደርጉትም።» ልጅቷ ወደ መስታወቱ አታይም፣ ወደ ጉልበቷ ነው የምታየው። «ጥሩ ነገር ቢሆን እስከዚህ ይደበቅ ነበር? እያሰብኩት እያሰብኩት ጸጉሬን ጠላሁት። ስታጠብ እንኳን መንካቱ ያስጠላኛል። እርስዎ መጀመሪያ ላይ እንዴት ቻሉት?»

ጸጉር ሠሪዋ ዞር ብላ እናትየዋን ታያታለች። አይዞሽ ብላ ብትሸኛት ሁሉም እንደነበረ ይቀጥላል፤ ልጅቷም ተሸፍና፣ እሷም ተከብራ። ብትናገር ደግሞ እናትየዋ አለች። የዚህችን ሴት ጆሮ የነካ ወሬ ሳይመሽ ሰፈሩን ያዳርሳል፤ ነገ ደግሞ ሰርግ ነው። ፈራች፤ ከልቧ ፈራች።

ትነሳለች። ስንቱን ሹሩባ ሲፈቱ የኖሩ ጣቶቿ የራሷን መርፌ ቁልፍ ማግኘት ያቅታቸዋል። አንዴ ይወጋታል። ከዚያ ሻሹ ትከሻዋ ላይ ይወርድና እጇ ላይ ይቀራል።

«ወይኔ እህቴን!» ትላለች እናትየዋ።

«ይኸው የኔ ልጅ፣ ደህና አድርገሽ እይው» ትላለች ጸጉር ሠሪዋ፣ አናቷን ወደ ልጅቷ ዝቅ አድርጋ። «ይሄ ሐያእ አልነበረም። አፍሬ ነው። ደጅ የምለብሰውን ለአላህ ብዬ ነው የምለብሰው፤ እዚህ የምለብሰው ለዚች መላጣ ነው። እኔን እመስላለሁ ካልሽ በደጁ ምሰይኝ። ይሄኛውን ተይው።»

«እኔ እኮ ለሰው ሁሉ አውርቻለሁ» ትላለች እናትየዋ በመጨረሻ፣ ለራሷ የምትናገር ይመስል።

«እንግዲህ ይሄንንም ጨምረሽ አውሪላቸዋ።»

እናትየዋ ተነስታ ወደ በሩ ትሄዳለች፤ መቀርቀሪያውን ወዝውዛ ታየዋለች፣ የመጋረጃውንም ጠርዝ ሳብ አድርጋ ታስተካክላለች። ለተቀርቀረው በር ጀርባዋን ሰጥታ እዚያው ትቆማለች።

ልጅቷ ገና እያየች ነው። «ያማል?» ትላለች በቀስታ።

«አያምም።»

«ምን ይሰማዎታል ታዲያ?»

ጸጉር ሠሪዋ ታስብና ሳታስበው ሳቋ ያመልጣታል፤ ዓይኗ ግን እንባ አቅርሯል። «አሁንስ በረደኝ።»

ሻሹን እጇ ላይ ይዛ ቀርታለች፤ የት እንደምታደርገው አታውቅም። መስቀያውን በሩ ላይ የመታችው ራሷ ናት፤ የራሷን ግን አንድም ቀን ሰቅላበት አታውቅም። ልጅቷ ከወንበሩ ትነሳለች። ሻሹን ከእጇ ትቀበላትና በሩ ጋ ሄዳ፣ እናቷ ትከሻ ላይ ተንጠራርታ፣ ከእናቷ ሻሽ አጠገብ ትሰቅለዋለች። ከዚያ እዚያው እንደቆመች እጇን አገጯ ሥር ወዳለው ቋጠሮ ትሰዳለች።