የእንጨቷ አህያ

በራይን ወንዝ ዳር ባለችው ከተማ የሚማር ሰው በሁለት ነገር ይማረራል፤ በጾም ወራት በሚቀርበው ጨው በበዛበት ዓሣ እና በተኩላው። ዓሣውን ቢያንስ ሳህን ላይ ያየዋል። ተኩላውን ግን አየሁት የሚል የለም።

ተኩላ የሚሉት ጆሮ ጠቢውን ነው። በተማሪዎች ቤት ከላቲን ሌላ ቋንቋ መናገር ክልክል ነው። የአገሩ ጀርመንኛ ከአፉ ያመለጠው ሰው ስሙ በስውር ለመምህሩ ይደርሳል፤ ቅዳሜ በገበታ ላይ ይነበባል። ከዚያ ከእንጨት የተጠረበች አህያ አንገቱ ላይ አንጠልጥሎ ሳምንቱን ሙሉ የሰው መሳቂያ ይሆናል።

በመምህር ኤመሪህ ቤት አምስት ተማሪዎች ይኖሩ ነበር፤ ትልቁ ቲልማን፣ ቀልደኛው ገርላህ፣ ከትሪር የመጡ ሁለት የአክስት ልጆች እና ዊጋንድ። አምስቱም በዚያ ዓመት ለመምህርነት ማዕረግ ሊፈተኑ ነው። ለፈተናው የሚቀርብ ሰው ግን አብረውት የሚኖሩት ሁሉ ወንጌል ላይ እጃቸውን አኑረው ስለ ጠባዩ ሊምሉለት ይገባል። አንድ እጅ ከቀረ ፈተና የለም።

ትምህርት ሲጀመር መምህሩ እያንዳንዳቸውን ለብቻቸው ጠሩ። የሚባሉትን ለማንም እንዳይናገሩ መጀመሪያ አማሏቸው። አራቱ ቆየት ብለው፣ መሬት መሬት እያዩ ወጡ። ዊጋንድ ግን ሳይቆይ ወጣ፤ ፊቱ ቀልቶ ነበር።

አህያዋ መጀመሪያ የወጣችው ገርላህ አንገት ላይ ነው።

«እኔ?» አለ ከልቡ ደንግጦ። «በእኔ ላይ ማን ሊያሳብቅብኝ ይችላል?»

ቀጥላ ወደ ቲልማን ሄደች፤ እሱም ጆሮውን አላመነም። የትሪር ልጆችም ተራቸው ሲደርስ እንደዚያው አፋቸውን ከፍተው ቀሩ። ከዚያ ወዲያ አህያዋ ከአራቱ አንገት ወርዳ አታውቅም። ዊጋንድ ዘንድ ግን አንድም ቀን አልደረሰችም።

ሐሜቱ ተጀመረ። የሚያሙት በላቲን ነው፤ ሐሜትም ሕግ አለው። በመጨረሻ ከትሪር ልጆች አንዱ የሚፈላ የጎመን ሾርባ «እጄን አዳልጦኝ» ብሎ የዊጋንድ ጉልበት ላይ ደፋበት። ዊጋንድ ዘሎ ተነሣና ጮኸ። የጮኸው በላቲን ነው።

«አያችሁ?» አለ ልጁ። «ማን ነው እየተቃጠለ በላቲን የሚጮኸው? የበግ ለምድ የለበሰ ተኩላ ካልሆነ!»

ቲልማን ማንኪያውን አስቀመጠ። «እንግዲያው እንደ ደንቡ እንከራከር። ጥያቄው ዊጋንድ ተኩላ ነው ወይስ አይደለም የሚል ነው። ተኩላ ራሱን አይነክስም። ዊጋንድ ተነክሶ አያውቅም። ስለዚህ ዊጋንድ ተኩላ ነው።»

«የሊቀ ጳጳሱ ፈረስም አህያ አንጠልጥሎ አያውቅም» አለ ዊጋንድ ጉልበቱን እያሻሸ። «እሱም ተኩላ ነው በለኛ!»

ገርላህ ሳቁ ሊያመልጠው ሲል ዋጠው።

«ቀልዱን ተወው» አለ ቲልማን። «ግምትና ዕውቀት ለየቅል መሆናቸውን አብረን ተምረናል። እዚህ ገበታ ላይ ጆሮ ጠቢ አለ። ይመስለኛል አላልኩም፤ አውቃለሁ ነው ያልኩት።»

«እኔም አውቃለሁ» አለ ገርላህ። የትሪር ልጆችም እናውቃለን አሉ።

ዊጋንድ አንድ በአንድ አያቸው። «ስሙኝ እስቲ፣ ወንድሞቼ። እኔን በላቲን እያናገሩ ያሳደጉኝ መነኮሳት ናቸው። እናቴን አላውቃትም፤ የእናት ቋንቋ ከየት ላምጣ?»

«ታዲያ የኔታ ሲጠሩህ ምን አሉህ?» አለው ቲልማን። «ለምን ቶሎ ወጣህ?»

«ምያለሁ፤ አልናገርም። እናንተም ምላችኋል።»



«ሆድ ሲያውቅ ዶሮ ማታ» አለ ገርላህ፣ ዳቦውን እየቆረሰ።

የምስክርነቱ ቀን የዊጋንድ ተራ ደርሶ ወንጌሉ ተዘርግቶ ሳለ አራቱም እጃቸውን ካባቸው ውስጥ ሸሸጉ። መምህር ኤመሪህ ረጅም ጊዜ አዩዋቸው። አንድ ነገር ሊናገሩ አፋቸውን ከፈቱና መልሰው ዘጉት። ስለ መላእክት ዕውቀትና ስለ ሰው ፈቃድ ሲከራከር ወጣትነቱን የጨረሰው ዊጋንድ ተማሪ እንደሆነ ቀረ። ደግሞ ደጋግሞ ያነበባቸውን መጻሕፍቱን ጠቅልሎ ወደ ወንዙ ወረደ። ግፍ ነው፤ ሌላ ስም የለውም። ጀልባው ላይ ሲያለቅስ ያዩት ነበሩ።

እነቲልማን በዚያው ቀን ከሰዓት ከከተማው ቅጥር ውጭ ካለው መጠጥ ቤት ተቀመጡ። ምላሳቸው ከእስር ተፈታ። በየመንደራቸው ጀርመንኛ ዘፈኑ፣ ተሳደቡ፣ የኔታ ሲያስነጥሱ እንዴት እንደሚሆኑ እያሳዩ በሳቅ ፈረሱ። እያንዳንዱ የሚፈራው ነገር እንዳበቃለት ሰው በሙሉ ልቡ ጠጣ።

ቅዳሜ አናጢው ሦስት አዳዲስ የእንጨት አህዮች ይዞ መጣ። መምህሩ ስም አነበቡ፤ የአራቱንም።

ቲልማን አህያዋ ደረቱ ላይ እየተንገጫገጨች መምህሩን ተከትሎ ክፍላቸው ገባ።

«የኔታ፣ እንዴት ይሆናል? ተኩላውን እኮ አባረርነው!»

መምህር ኤመሪህ መነጽራቸውን አወለቁ።

«ከአምስታችሁ» አሉ፣ «ተኩላ ሁን ስለው እምቢ ያለኝ እሱ ብቻ ነበር።»