የገበያ ቀን ስንቅ

«ከማወራው አንዲት ቃል ውሸት ብትገኝ የዘንገና ሐይቅ ይዋጠኝ» ብዬ እጀምራለሁ። ደብሪቱ ያቀረበችልኝን ዳቦ ቆሎ ሙሉ እፍኝ ዘግኛለሁ።

አስተርጓሚው አሸናፊ ወደ ልጅቷ ጎንበስ ብሎ በእንግሊዝኛ ይነግራታል። ሕይወት ትባላለች። በስድስት ዓመቷ ከዚህ ቤት ወጥታ ባሕር ማዶ በጉዲፈቻ አደገች፤ ዛሬ በአሥራ ስምንት ዓመቷ መጣች። አማርኛውም አገውኛውም ጠፍቷታል። የምትጠይቀው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ እናቴ እያወቀች ነው የሰጠችኝ?

እናቷ ደብሪቱ መደቡ ጫፍ ላይ ተቀምጣ መሬት መሬቱን ታያለች።

ይህን ነገር ከእኔ ከአያ ወገኔ በላይ የሚያውቅ የለም። የጉዲፈቻ ድርጅቱን ሰዎች ከቆሰበር ከተማ መርቼ ያመጣሁ፣ ወረቀቱን አንብቤ ያስፈረምሁ እኔ ነኝ።

«ያን ቀን አርባ መኪና ነው የመጣልሽ» እላለሁ። አንዲት ነበረች፤ እሷንም ከጭቃ ገፍተን ነው ያወጣናት። ግን አርባ ሲባል ለልጅቷም ክብር አለው።

«አርባ?» ይላል አሸናፊ።

«ከነአጃቢው። አገሩ ነቅሎ ወጣ። እናትሽ እንደማትመለሺ እያወቀች፣ ‹እኔ ልቅር፣ እሷ ትማር› ብላ መረቀችሽ። እኔ ራሴ ሦስት ቀን እህል አልቀመስሁም።»

አሸናፊ ይተረጉማል። የልጅቷ ፊት ይጠቁራል። ሌላም ልጨምርላት አፌን ስከፍት ደብሪቱ ቀና ሳትል፣ ድምፅዋንም ሳታነሣ ትናገራለች።

«አያ ወገኔ፣ እርስዎ ያሉኝ ሌላ ነው። ሰዎቹ ቆሰበር ትምህርት ቤት ከፍተዋል፣ እዚያ ተቀምጣ ትማራለች፣ ለክረምት ትመጣለች አሉኝ። ጣቴን ቀለም ያስነኩኝ ለመመዝገቢያ ነው ብለው ነው።»

«እንግዲህ ዘመኑ ራቀ፣ ደብሪቱ...»

«እንደ ተማሪ እናት ሁሉ በየገበያው ቀን ስንቋን ተሸክሜ እርስዎ ደጅ አደርስ ነበር። ‹እሰጥልሻለሁ› ብለው ይቀበሉኛል። ክረምት ገብቶ የሌላው ሰው ልጅ ሁሉ ከከተማ ሲመለስ፣ የእኔ ስትቀር ነው የገባኝ።» ወደ መዳፌ ታያለች። «የስንቋን ዳቦ ቆሎ በማር የማቦካው እሷ ስለምትወድ ነበር።»

አሸናፊ ገና አልተረጎመም። ልጅቷ አፉን አፉን ታያለች።

እኔ መዳፌ ላይ የቀረውን ዳቦ ቆሎ አያለሁ። የመጀመሪያዋን ስቆረጥም የዚያን ስንቅ ጣዕም አውቄው ነበር።