የቤተሰብ ብዛት

ቅዳሜ ጠዋት ነው። በስቶክተን ከተማ ፊሊፒኖች በሚሰበሰቡበት የቤተ ክርስቲያን አዳራሽ ውስጥ የዜግነት ማመልከቻ የሚሞላላቸው ሰዎች ተሰልፈዋል። በሩ አጠገብ እንደተለመደው ምግብ ተደርድሯል። እነዚህ ሰዎች ቅጽ ለመሙላት እንኳ በባዶ ሆድ አይሰበሰቡም።

አርሊን ግን ምንም አልቀመሰችም። በአረጋውያን መጦሪያ ሌሊቱን ሙሉ በሽተኛ ስታገላብጥና ስታጥብ አድራ፣ የሥራ ልብሷን እንኳ ሳትቀይር ነው የመጣችው። ከጎኗ ጃኔል ተቀምጣለች። አሥራ አምስት ዓመቷ ነው። አርሊን ለሰው ስታስተዋውቃት «ታናሽ እህቴ» ትላለች።

ሁለቱም «እማማ» የሚሏቸው አሮጊት ባለፈው ክረምት ካረፉ ወዲህ ቤቱ ውስጥ የቀሩት እነሱ ብቻ ናቸው። አርሊን ሌሊት ትሠራለች፤ ልጅቷ ሌሊት ብቻዋን ታድራለች። በቅርቡ አንድ የመንግሥት ሆስፒታል ውስጥ የቀን ሥራ ተገኝቶላት ነበር፤ ዜጋ ካልሆንሽ አይሆንም አሏት። የዜግነቱን ነገር ሙጭጭ ብላ የያዘችው ለዚህ ነው። ሙሉውን ክፍያ ግን ከየት ታምጣው? የቀብሩ ዕዳ ገና አላለቀም። ተስፋዋ ሁሉ ገቢያቸው አነስተኛ ለሆነ ሰዎች በሚሰጠው የግማሽ ክፍያ ቅናሽ ላይ ነበር።

እውነቱን ለመናገር፣ ጃኔልን ሰፈሩ ብዙም አይወዳትም። አሮጊቷ በሕይወት እያሉ ጭምት ልጅ ነበረች፤ ከቀብሩ በኋላ ነው ጠባይዋ የተገለበጠው። የአርሊንን ፊርማ አስመስላ ፈርማ ከትምህርት ቤት ቀርታ ተይዛለች። አርሊንን «እትዬ» ማለት እንኳ ትታ «ስሚ» ነው የምትላት፤ በእነሱ ዘንድ ይህ ትንሽ ብልግና አይደለም። ሐዘን ነው ያሉላት ነበሩ። የሚበዛው ሰው ግን የእርጅና ልጅ፣ ቅምጥል ብሎ አልፏታል።

ተራቸው ደረሰ። ቅጽ የሚሞሉት ወይዘሮ ዴሊያ ጡረታ የወጡ የፖስታ ቤት ሠራተኛ ናቸው። መነጽራቸውን አፍንጫቸው ጫፍ ላይ አድርገው የአርሊንን የደመወዝ ወረቀት አገላበጡ።

«አርሊንዬ፣ ለአንድ ሰው ከሆነ ገቢሽ ከቅናሹ ጣሪያ በጥቂት ያልፋል።»

«አንድ አይደለሁም እኮ አክስቴ፤ ሁለት ነን» አለች አርሊን፤ በዕድሜ የምትበልጥን ሴት «አክስቴ» ማለት ልማዳቸው ነው።

«ጃኔልን በግብር ወረቀቱ ላይ በሥሩ እንደምትተዳደር አድርጎ ያስመዘገባት ማነው?»

«አጎታችን። እማማንም እሷንም እዚህ ያመጣቸው እሱ ስለሆነ ነው።»

«በይ እንግዲህ። እህት ሌላ ሰው ግብር ላይ ካለች ካንቺ ቤት አትቆጠርም። ልጅሽ ብትሆን ኖሮ ማንም ያስመዝግባት፣ አብራሽ እስካለች ድረስ ትቆጠርልሽ ነበር፤ ቅናሹም አይቀርብሽም።» እስክሪብቶአቸውን አነሱ። «ልጅ የለሽም አይደል?»

አርሊን ለመመለስ አፏን ከፈተች።

«አላት» አለች ጃኔል። «እኔ ነኝ። እንደዚያ ብለው ይጻፉ።»

ከኋላ የተሰለፉት ሳቁ። ወይዘሮ ዴሊያ አልሳቁም።

«እናትሽ በሃምሳ ዓመታቸው አምጠው የወለዱሽ እንዲህ እንድትክጃቸው ነው?»

«የምታበላኝ እሷ፣ የምታለብሰኝ እሷ። ቢጻፍ ምን ይሆናል?»

«ምን ይሆናል? ሐሰት ሆኖ ሲገኝ ዜግነቷን ታስከለክያታለሻ! እህትሽን ገደል ልትከቻት ነው እንዴ?»

ጃኔል ሴትዮዋን ተወቻቸውና ወደ አርሊን ዞረች። «አንቺ በያቸው» አለች። «ልጄ ናት በይ። አንድ ጊዜ ብቻ በይ።»

«ለቅናሽ ብላ!» አለ ከሰልፉ አንድ ሽማግሌ። «የዘንድሮ ልጆች!»

አርሊን እጆቿን ጠረጴዛው ሥር ደበቀች።

«እህቴ ናት» አለች። «እናቷ እማማ ናት፤ የልደት ወረቀቷም እንደዚያ ነው የሚለው። እኔ ልጅ የለኝም፣ አክስቴ። ይጻፉት።»

ወይዘሮ ዴሊያ ጻፉት። ከዚያ ትከሻዋን መታ መታ አደረጓት። «እንዳንቺ ያለውን ሐቀኛ ያብዛልን» ብለው መረቋት። ቅናሹ ቀረ፤ የቀን ሥራውም አብሮት። ሁለቱ ሲወጡ ሰዎቹ አርሊንን በአዘኔታ፣ ጃኔልን በግልምጫ ሸኟቸው።

አውቶቡስ ፌርማታው ላይ በመካከላቸው የአንድ ሰው ቦታ ትተው ተቀመጡ። አርሊን ደክሟታል። ማልቀስም አምሯታል፤ ግን በልጅቷ ፊት አልቅሳ አታውቅም።

«ተጨማሪ ሌሊት እሠራለሁ» አለች በመጨረሻ። «ሙሉውን ከፍለን እናመለክታለን። ዳግመኛ ግን በሰው ፊት እንደዚያ አታዋርጂኝ። ሰው ለገንዘብ ብሎ እናቱን ይክዳል? እማማ ስትሞት እኔ ሥራ ላይ ነበርኩ፤ እጇን ይዘሽ የሸኘሻት አንቺ ነሽ። እንዴት አስቻለሽ?»

አውቶቡሱ ማዶ ካለው መብራት ላይ ቆሞ ይታያል። አርሊን ቦርሳዋን ይዛ ተነሳች።

«አያቴ ልትሞት ስትል ሁሉንም ነግራኛለች» አለች ጃኔል ከተቀመጠችበት ሳትነሳ። «ቅናሹን ፈልጌ አልነበረም፣ እማዬ።»