ሦስት ክንድ ትራስ

ባዬ ኩዌት፣ ጅሊብ የሚባለው ሰፈር ውስጥ የቀረው በአንድ ዚፕ ምክንያት ነው። ልብስ ሰፊ ነው፤ ሱቁ ጅሊብ፣ ቤቱና ሚስቱ ደግሞ ሻርቅ፣ ሌላ ሰፈር ናቸው። በዚያ በኮሮና ዓመት፣ መጋቢት መጨረሻ ላይ፣ የአንድ ደንበኛ ሱሪ ዚፕ ሊቀይር ጠዋት ከቤቱ ወጣ። ሥራውን ጨርሶ ሊመለስ ሲል ጅሊብ በሽቦ ታጥሮ ወታደር ቆሞበት አገኘው። ከዚያ ወዲህ የሚተኛው መቁረጫ ጠረጴዛው ላይ ነው። ሱሪው እሱ ጋ ቀርቷል፣ ሚስቱ እዚያ ቀርታለች።

ሚስቱ ብርነሽ ጸጉር ሠሪ ናት። ሳሎኑ ስለተዘጋ ቀኑን ሙሉ እቤት ነች። የሚያገናኛቸው ስልክና ሚልኪያስ ናቸው።

ሚልኪያስ የባዬ አገር ልጅ ነው፤ ሹዌኽ ካለው መጋዘን አትክልት ያመላልሳል። ተስሪህ፣ ማለት የመንቀሳቀሻ ፈቃድ፣ ስላለው ወታደሩ ወረቀቱን አይቶ ያሳልፈዋል። ጅሊብ ላሉት በቃላዎች፣ ለሰፈር ሱቆቹ፣ ሽንኩርት ያራግፍና፣ ሲመለስ በሻርቅ ዞሮ የባዬን ዕቃ ለብርነሽ ያደርሳል። ጨዋ ልጅ ነው። ያለበት ችግር የሸሚዝ ብቻ ነው፤ የገዛው ሁሉ እጅጌው ከአንጓው በላይ ይቀርበታል። «የኩዌት ውኃ ጨርቅ ያሳጥራል» እያለ ይስቃል፤ ባዬም ከሌላ ጨርቅ እየቀጠለ ያስረዝምለታል።

ግንቦት ላይ ብርነሽ ደወለች። በስልክ አዝዛ ረጅም ትራስ ገዝታለች፤ ያ ታቅፈውት የሚተኙት ዓይነት። ልብስ ግን የለውም፣ ሱቁም ዝግ ነው። ጠዋት ሚልኪያስ ቲማቲም ሲያመጣላት ለባዬ ልትልክበት አስባ ረስታው፣ አሁን ትዝ ብሏት ነው የደወለችው።

ባዬ መጀመሪያ የቀናው በትራሱ ነው።

«ስሙ ማነው?» አላት።

«ታዲያ ምን ልቀፍ፣ ግድግዳ?»

«ቁመቱስ?»

«ሜትር የለኝም፣ በክንድ ነው። ልክ ሦስት ክንድ። ወርዱ እንደ ሌላው ትራስ ነው።»

ባዬ የሚስቱን ክንድ ያውቀዋል። የሠርግ ቀሚሷን የሰፋው እሱ ነው፤ ከክርኗ እስከ መሃል ጣቷ ጫፍ አርባ ሁለት ሳንቲሜትር። ሦስት ጊዜ ሲሆን መቶ ሃያ ስድስት። አበባ ያለው ጨርቅ መርጦ፣ አሳምሮ ሰፍቶ በሚልኪያስ ላከላት።

ሚልኪያስ ሲመለስ ባዬ ሚስቱ እንዴት እንደሆነች ጠየቀው።

«እኔ ምን አውቃለሁ፣ በር ላይ አስቀምጬ ነው የምመለሰው። ኮሮና አይደል?»

በማግስቱ ብርነሽ ደወለች። አልበቃም። ትራሱ ከስንዝር በላይ አንገቱን አውጥቶ ቀርቷል አለች።

ባዬ በሃያ ዓመት ሥራው በስንዝር ተሳስቶ አያውቅም። በትራሱ ቁመት ክር ቆርጣ እንድትልክለት ነገራት። ክሩ መጣ፤ በሜትር ዘረጋው፤ መቶ ሃምሳ። ለሦስት አካፈለው፤ ሃምሳ።

ሃምሳ ሳንቲሜትር ክንድ የብርነሽ አይደለም። የራሱን ለካ፤ አርባ አምስት።

ድምፁን አለስልሶ ደወለላት። ትራሱን ማን እንደለካላት ጠየቃት።

«እኔ ነኛ። እዚህ ማን አለኝ?» አለችና ወሬውን ቶሎ ወደ እናቱ ደም ግፊት ወሰደችው።

ያን ቀን ባዬ ምሳ አልበላም። የሚጠረጥረው ሰው ፍለጋ ሩቅ አልሄደም። ኢዘዲን አለ። ኢዘዲን የሕንጻቸው ሐሪስ ነው፤ ምድር ቤት የሚኖር ዘበኛ፣ አምፖል ያለ መሰላል የሚቀይር ሎጋ። ማክሰኞ ብርነሽ «ውኃውን ኢዘዲን ተሸክሞ አወጣልኝ» ብላለች፤ ዓርብ ደግሞ «ቧንቧውን ኢዘዲን ጠገነልኝ።» ባዬ ያኔ እግዜር ይስጠው ብሎ መርቆታል። አሁን ምርቃቱን መልስልኝ ማለት ነው የቀረው።

ለሚልኪያስ ጉዳዩን መንገር አፈረ። ኢዘዲን ለብርነሽ ብዙ ስለደከመ ሸሚዝ ልሰፋለት ነው፣ ከክርኑ እስከ ጣቱ ጫፍ በክር ለክተህ አምጣልኝ ብቻ አለው።

«ሸሚዝ ጣት ያለብሳል እንዴ?»

«አዲስ ፋሽን ነው።»

ሁለት ቀን ሙሉ ባዬ መቀስ ሲስል ዋለ። የዚያን ደንበኛ ሱሪ ዚፕ ገልብጦ ገጠመው። ትራሱን በዓይነ ሕሊናው ያየዋል፤ ትራሱን የያዘውን እጅ ያያል፤ እጁ እየረዘመ ይሄዳል።

ክሩ መጣ። አርባ ስድስት። ደገመው። አርባ ስድስት። ያ ሁሉ ቁመት እግር ኖሯል።

ባዬ ጠረጴዛው ላይ ተቀመጠና ማስኩ ውስጥ ብቻውን ሳቀ። ሚስቱን በክር የጠረጠረ ቂል። ስትለካ እየዘለለች ለክታ ይሆናላ፤ ጸጉር ሠሪ እንጂ ልብስ ሰፊ አይደለችም። ደወለላት።

«ይቅር በይኝ።»

«ለምኑ?»

«ለትራሱ።»

«ይቅር» አለችው፣ ቀስ ብላ።

አዲሱን በክሩ ልክ ቆረጠ፤ መቶ ሃምሳ፣ አንዲት ሳንቲም ሳይጨምር ሳይቀንስ። ሚልኪያስ ሊወስድ ሲመጣ ባዬ ለድካሙ አዲስ ሸሚዝ እንደሚሰፋለት ቃል ገባለት፤ እጅጌው የማያጥር።

«መጀመሪያ ይሄ አይጠር። ሦስተኛ እንዳታመላልሰኝ» አለ ሚልኪያስ፤ የትራሱን ልብስ ጠረጴዛው ላይ ዘረጋና ክርኑን ጫፉ ላይ ተክሎ መለካት ጀመረ።

አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፤ የመሃል ጣቱ የጨርቁ ጫፍ ላይ ልክ ቁጭ አለ።