የሚስተር ፔንግሊ ጥንቃቄ

ጥንቃቄ ማለት፣ ክፉ ነገር ይመጣበታል በተባለው በኩል በሩን አስቀድሞ መዝጋት ነው። በብሪዝበን ወንዝ ዳር መጋዘን የነበራቸው ነጋዴ ሚስተር ጆሳያ ፔንግሊ ቃሉን የሚፈቱት እንዲህ ነበር፤ እንደ ቃላቸውም ኖረዋል።

ለበግ አርቢዎች የሚያስፈልገውን ሁሉ ይሸጡ ነበር፦ የጠጉር መሸለቻ መቀስ፣ የሱፍ ጆንያ፣ መዥገር የሚገድል ነጭ ዱቄት። ከንግዱ የተረፈውን ጊዜ ለቴምብር ሰጥተውታል። ያኔ ቴምብር መሰብሰብ የተማሪ ልጃገረዶች ጨዋታ ነበርና ሌሎቹ ነጋዴዎች ከኋላቸው ይሳሳቁ ነበር። እሳቸው ግድ አልነበራቸውም። የመርከብ አዛዦች ከኬፕ ቅኝ ግዛት ባለሦስት ማዕዘኑን፣ ከሞሪሸስ ሰማያዊውን ያመጡላቸዋል፤ እሳቸው ዳር ዳሩን በመቀስ ከርክመው፣ ጀርባውን በቀጭን ብሩሽ ሙጫ ቀብተው አልበማቸው ላይ ይለጥፉታል።

መጀመሪያ ላይ በረሮ አስቸግሯቸው ነበር። ሙጫ የለመደ በረሮ ንግሥት አያከብርም፤ በአንድ በጋ የሞሪሸስን ገጽ ከነንግሥቲቱ ምስል ጨርሶ በላው። ሚስተር ፔንግሊ ግን ነጋዴ ናቸውና ከመጋዘናቸው መላ አላጡም። ሙጫውን በገዛ እጃቸው ማዘጋጀት ከጀመሩ ወዲህ አልበሙን የደፈረ በረሮ አልነበረም።

የእህታቸው ልጅ ሂዩበርት ከኮርንዎል መጥቶ አብሯቸው መኖር የጀመረው በዚሁ ሰሞን ነው። ሌላ ወራሽ የላቸውም። ሂዩበርት የሐር ሰደርያና የፈረስ እሽቅድምድም የሚወድ፣ ምንም ነገር የማያሳስበው ወጣት ነበር። አጎቱ የቴምብር አለጣጠፍ ሊያስተምሩት ሞክረው ነበር፤ ብሩሽ በከንፈር ማሾልን ብቻ ተምሮ ወደ ፈረሶቹ ሄደ።

ብዙም ሳይቆይ ሚስተር ፔንግሊን ሆዳቸውን ይቆርጣቸው፣ ጉሮሯቸውን ያቃጥላቸው፣ ጣቶቻቸውን ይደነዝዛቸው ጀመር። ሐኪሙ የአየሩ ጠባይ ነው አላቸው። ሂዩበርት ደግሞ ቁርስ ላይ ቀና ብሎ አያቸውና፣ «አጎቴ፣ ፀሐይ ላይ እንደተረሳ ቴምብር ገርጥተዋል እኮ» አለ። ከዚያም በገዛ እጁ ሾርባ ቀድቶ አቀረበላቸው።

ሚስተር ፔንግሊ ሾርባውን አልነኩትም። ከዚያን ቀን ጀምሮ ብሪጂት የምትባለው አየርላንዳዊት የቤት ሠራተኛቸው ሳትቀምስ የሚበሉት ነገር አልነበረም።

«እሺ ጌታዬ» አለች ብሪጂት፣ «ቀምሼ ካልሞትኩ ይብሉ። ከሞትኩ ግን ሳህኑን የሚያጥብ ሰው ይፈልጉ።»

ብሪጂት ወፈረች። እሳቸው ከሱ።

የሱፍ መግዣው ወራት ሲደርስ ወደ በግ አርቢዎቹ አገር ወጡ። አልበማቸውንና ሂዩበርትን ቤት ትተው ነበር። እዚያ እንደ ጠጉር ሸላቾቹ የበግ ሥጋ እየበሉ፣ ቀለም የሚመስል ሻይ እየጠጡ፣ ቆርቆሮ ጣሪያ ሥር ተኝተው ዳኑ። ቤታቸው ተመልሰው፣ በሌሉበት የተጠራቀመውን ቴምብር ገና አስተካክለው ሳይጨርሱ ግን ሆዳቸውን እንደገና ቆረጣቸው። አሁን ጥርጣሬ አልነበረም። በዚያ ቤት ያለውና እዚያ አገር ያልነበረው ማን እንደሆነ ያውቃሉ። የሂዩበርትን ኮቴ በሰሙ ቁጥር የክፍላቸውን በር ይቀረቅሩ ጀመር።

በመጨረሻ አስጠርተው ከጠረጴዛው ማዶ አስቀመጡት።

«እኔ ስሞት ምን ታደርጋለህ?»

«አለቅሳለኋ፣ አጎቴ።»

«ከዚያስ?»

ሂዩበርት ትንሽ አሰበ። «ምሳ እበላለሁ።»

ቀልዱን ነበር። አጎቱ ግን ፀሐይ ሳትጠልቅ ሻንጣውን አስይዘው ከቤት አስወጡት። ሚስተር ፔንግሊ ጠበቃቸውን ጠርተው ኑዛዜው እንዲለወጥ አዘዙ፤ የበሩን ቁልፍ አስቀየሩ፤ መስኮቶቹን በምስማር አስመቱ። ውኃቸውን ራሳቸው ይቀዳሉ። ከእንቁላል በቀር ምንም አይበሉም፤ እሱንም ከነቅርፊቱ ተቀብለው ራሳቸው ይቀቅሉታል። በረንዳው ላይ እንጨት ሲንቋቋ ትንፋሻቸውን ውጠው ያዳምጣሉ። የልባቸው ምት የሚረጋጋው አልበሙን ሲከፍቱ ብቻ ነበርና፣ ከጠዋት እስከ ማታ ብሩሹን ከእጃቸው አልለዩትም። ባሰባቸው።

«ጌታዬ» አለች ብሪጂት ከበሩ ውጭ ሆና፣ «ከነቅርፊቱ ያለ እንቁላል ማን ይመርዘዋል? ዶሮዋን ነው እንዴ የሚጠረጥሩት?»

ሚስተር ፔንግሊ ነገሩን አሰቡበት። በማግሥቱ ዶሮዋም ከግቢ ወጣች።

ጠበቃው አዲሱን ኑዛዜ ለማስፈረም ሲመጣ የሚከፍትለት አጣ። በሩን ሰብረው ሲገቡ ሚስተር ፔንግሊ አልበሙ ላይ ተደፍተው ነበር። ሐኪሙ ሆዳቸውን ከፍቶ መረመረና መርዝ አገኘ።

ፖሊስ ሂዩበርትን ያዘው። ነገር ግን በምስማር በተመታ መስኮት እንዴት እንደገባ የሚያስረዳ ስላልተገኘ ለቀቀው። አሮጌው ኑዛዜ ስላልተሻረ ቤቱም መጋዘኑም ለሱ ሆነ፤ ከተማው ከዚህ የበለጠ ማስረጃ አልፈለገም። ሰላምታ የሚሰጠው ጠፋ። ብሪጂት ከነፍሰ ገዳይ ጋር አንድ ጣሪያ ሥር አላድርም ብላ ወደ እህቷ ሄደች።

ሂዩበርት ብቻውን ቀረ። ወደ ፈረሶቹም አልሄደም። አንድ ቀን የአጎቱን ክፍል ከፍቶ ገባ። የአልበሙ የመጨረሻ ገጽ ገና ግማሽ ነበር፤ ቀሪዎቹ ቴምብሮች ተከርክመው ተደርድረዋል። በቀብሩ ያላለቀሰው ልጅ እዚያ ቁጭ ብሎ አለቀሰ። ከዚያ ለአጎቱ ማድረግ የሚችለው አንድ ነገር ይህ እንደሆነ ታየውና ማሰሮው ውስጥ የደረቀውን ሙጫ በሙቅ ውኃ አላላ። ብሩሹን ነከረና፣ እንደተማረው፣ በከንፈሩ አሾለው።

ገጹን ሲጨርስ ሆዱን ይቆርጠው ጀመር፤ በቤቱ የሚጠረጠር ሌላ ሰው ስላልነበረ፣ ሐኪሙ የአየሩ ጠባይ ነው አለ።