ከኩሬው ዳር ለሁለት ሰው

ወይዘሮ የሺመቤት ለግቢያቸው ኩሬ ዳር የሁለት ሰው አግዳሚ ወንበር አዘዙ። የመጣው ንድፍ ግን የአንድ ሰው ነበር። በዚያ ዘመን የእያንዳንዱ ሰው መሞቻ ቀን በመንግሥት መዝገብ ሰፍሯል፤ ቀኑ ለቀረበ ሰው አዲስ ዕቃ መሥራትም ክልክል ነው።

«ባሌ የት ሊቀመጥ ነው?» ሲሉ ንድፍ አውጪው ላይ ጮኹ።

«እትዬ፣ ቀኑን መናገር አይፈቀድልኝም።»

«ተናግረህ ጨርሰሃል!» ንድፉን ቀዳደው ፊቱ ላይ በተኑበት።

ባላቸው አቶ ጌጡ አጠገባቸው ቆመው ሁሉንም ሰምተዋል። ወይዘሮ የሺመቤት የጓዳውን በር ከማጠፊያው ነቀሉ፤ እየጎተቱ ወስደውም ኩሬው ዳር ድንጋይ ላይ አጋደሙት።

«ና፣ ተቀመጥ!»

«ሕጉስ?» አሉ አቶ ጌጡ።

«እሱ ቆሞ ይየን!»