የሽሪምፕ ጉርሻ

አቶ ደምሰው ሽሪምፑን በሶፍት ይዘው ወደ መስኮቱ ብርሃን ያስጠጉታል። በጎኑም በጀርባውም ያገላብጡታል። ሠላሳ አንድ ዓመት መዝገብ ቤት ሲሠሩ ከየት እንደመጣ የማይታወቅ ደብዳቤ በዚሁ ዓይን ነበር የሚያዩት፤ ማህተም ፍለጋ።

«አሥር እግር አለው» ይላሉ በስልክ። «ቅርፊትስ፣ ልብስ የሚመስል ነገር ለብሷል አባ። ክንፍ ግን የለውም።»

የነፍስ አባታቸው ኦሪት ከባሕር ፍጥረት የፈቀደው እንደ ዓሣ ክንፍና ቅርፊት ያለውን ነው፣ ክንፍ ከሌለው መተው ነው ይሏቸዋል። አቶ ደምሰው በስልክ ተባርከው ይዘጋሉ፤ ፍጥረቱንም ከነሶፍቱ ለልጃቸው ይመልሳሉ።

ጸደንያ ከስቶቩ ሳትዞር ትስቃለች። ሽሪምፑን የራሴ ድርሻ ላይ ብቻ አደርገዋለሁ፣ ያንተ ኑድል ንጹሕ ይሆናል ትላቸዋለች። ከሀይሌ ጋርመንት ገበያ ተገዝተው በረዶ እንደሆኑ ታክሲ የተሳፈሩትን ሽሪምፖች ትኩስ ዘይት ላይ ታደርጋቸዋለች፤ ግራጫነታቸው ወዲያው ወደ ሮዝ ይለወጣል፣ ይጠቀለላሉ። አውጥታ ለብቻ ታስቀምጥና በዚያው መጥበሻ ላይ ሽንኩርቱን ትጨምራለች። ዘይቱ አንድ መሆኑን አባትም ልጅም አይተው አልፈዋል።

ምግቡን ያዘዙት ራሳቸው አቶ ደምሰው ናቸው። ጠዋት ድንገት ተነስተው፣ እዚያ ዐረብ አገር ትሠሪላቸው የነበረውን፣ በጣም የሚወዱትን፣ እስቲ ለኔም ሥሪልኝ አሏት። ጸደንያ ባህሬን አንድ ቤት ውስጥ ስድስት ዓመት ሠርታ ከተመለሰች አራት ወሯ ነው። ትናንት አሠሪዋ ማዳም ደውላ ተመለሺ፣ ቪዛሽ ወጥቷል ብላታለች፤ ዛሬ ዘጠኝ ሰዓት ላይ መልሷን ልትሰማ ትደውላለች። ምን እንደምትመልስ ጸደንያ አልተናገረችም፣ አባቷም አልጠየቁም። መጀመሪያ ልትሄድ ስትል «አትሄጂም» ብለዋት ሄዳለች፤ እሳቸውም ሁለት ዓመት ሙሉ ስልኳን አላነሱም። ስለዚህ አሁን ቃሉን አፋቸው ላይ ማምጣት ይፈራሉ። ተሞክሮ ያልሠራ መድኃኒት ነው።

ስልኳ መስኮቱ ጠርዝ ላይ ተቀምጧል። ለዘጠኝ ሩብ ጉዳይ።

ካሪ የሚባለው ቢጫ ቅመም ዘይቱን ሲነካ ሽታው አራተኛ ፎቅን ያዳርሳል። ዕለቱ ለሰፈራቸው ለጀሞ ውሃ የሚመጣበት ነው፤ ጄሪካን ይዛ ደረጃውን የምትወጣው ጎረቤታቸው ገዲሴ በተከፈተው በር ብቅ ትላለች።

«ጋሼ ደምሰው፣ ቤቱን ለሕንድ አከራዩት እንዴ?»

ልጄ እያበሰለችልኝ ነው ይሏታል፤ ድምፃቸው ውስጥ ያለው ኩራት ራሳቸውንም ያስደነግጣቸዋል። ገዲሴ ሳህኑ ላይ የተከመሩትን ሽሪምፖች አይታ፣ እኛ እንዲህ ያለ ነገር ጓሯችን ብናገኝ መድኃኒት ነበር የምናስረጨው ብላ ጄሪካኗን ታነሳለች።

የጸደንያ እጅ ይፈጥናል። ካሮቱንና ቃሪያውን እንደ ክብሪት እንጨት አቅጥና ቆራርጣቸዋለች። ሙቅ ውሃ ውስጥ የራሰውን የሩዝ ኑድል አጥልላ ትጨምራለች፣ ቢጫው እስኪያዳርሰው ታገላብጣለች፣ ሎሚ ትጨምቃለች። ከዚያ አንዲት ክር መዳፏ ላይ ጣል አድርጋ ትቀምሳለች።

«ይጥማል?» ይላሉ አባቷ።

«ጨው ልክ ነው።»

«ስለ ጨው አልጠየቅኩሽም።»

ጸደንያ ታስባለች። «እንጃ አባዬ። ከመዳፌ አልፎ አያውቅም። እነሱ ሲበሉ እቆማለሁ። የሚተርፈው ደግሞ ይቀዘቅዝና እርስ በርሱ ይጣበቃል፣ አይበላም።»

ይህን የምትለው የታክሲ ሰልፍ ረጅም ነበር እንደሚል ሰው ነው፤ ሳታማርር።

ሳህናቸውን አምጥታ ፊታቸው ታስቀምጣለች። ሹካውን በስተቀኝ፣ ውሃውን ከሹካው ከፍ አድርጋ፣ ሶፍቱን ሦስት ማዕዘን አጥፋ። ከዚያ ወደ ኋላ ሦስት እርምጃ ትሄዳለች። ሽሪምፕ ያለበት የራሷ ሳህን ማዕድ ቤት ቀርቷል።

አቶ ደምሰው ሹካውን አንስተው ይጠብቃሉ። እሷም ትጠብቃለች። ዘወር ሲሉ በሩ ጋ ቆማለች፤ ሁለት እጇ ሆዷ ላይ ተጣምሮ፣ ዓይኗ የውሃ ብርጭቆው ላይ፣ ከጎደለ ልትሞላ። አራት ወር ሙሉ ከአንድ ትሪ እንጀራ ሲቆርሱ ይህን አላዩባትም። ይኼኛውን ምግብ ግን ከነአቋቋሙ ነው የተማረችው።

«ማንን ነው የምትጠብቂው?»

ጸደንያ እጆቿን ታያለች። መቼ እንደተጣመሩ አታውቅም።

አቶ ደምሰው ተነስተው ወንበር ይስባሉ። ማዕድ ቤት ገብተው እጃቸውን ይታጠባሉ፣ ሳህኗን ይዘው ይመለሳሉ። «ነይ ተቀመጪ፣ ጸዲ።» ትቀመጣለች፤ የወንበሩ ጫፍ ላይ፣ ለመነሳት በሚያመች አኳኋን።

ሹካውን ወደ ጎን ይገፉታል። እንጀራ የለም። በባዶ ጣታቸው ኑድሉን ይሰበስባሉ፤ ያመልጣቸዋል፣ እንደተተበተበ ገመድ በጣቶቻቸው መሐል ይንጠለጠላል። እንደገና ይጠቀልላሉ። ከላዩ ሽሪምፕ ያደርጋሉ፣ ያለ ሶፍት። ቆም ይሉና ሌላ ይደግማሉ።

«አባዬ፣ ክንፍ የለውም እኮ።»

«ለኔ ነው ያልተፈቀደው። አፍሽን ክፈቺ።»

ጉርሻው ለሁለት ሰው ይበቃል። ጸደንያ በሁለቱም ጉንጮቿ ትቀበለዋለች፤ አንድ ክር አገጯ ላይ ቀርቷል። ታኝካለች፤ መጀመሪያ ቶሎ ቶሎ፣ ከዚያ ቀስ እያለች። ጀርባዋ የወንበሩን መደገፊያ ያገኘዋል።

ዘጠኝ ሰዓት ሲሆን ስልኩ ይጮሃል። መስኮቱ ጠርዝ ላይ እየተንቀጠቀጠ ይዞራል።

ጸደንያ ስልኩን ታያለች፣ አባቷን ታያለች። አፏ ሙሉ ነው።

አቶ ደምሰው ቀና አይሉም። ጣታቸው በካሪ ቢጫ ሆኗል፤ ሁለተኛውን ጉርሻ እየጠቀለሉላት ነው፣ ከመጀመሪያው ይተልቃል።